የግራውን ተጫን

«እስቲ እታለም የምትሠራውን አንድ ሥራ ጥራልኝ። አንድ ብቻ።»

ደረጃው መሀል ላይ ቆማ ነው የሰማችው። በአንድ እጇ እናቷ መድኃኒት የዋጠችበትን ባዶ ብርጭቆ ይዛለች፣ በሌላው የማጠቢያ ፎጣ። የዲዛይን ክፍሉ በር ካለፈው ክረምት ወዲህ እንጨቱ አብጦ አይገጥምም፤ ስለዚህ ታች የሚነገረው ሁሉ ከቀለሙ ሽታ ጋር ተያይዞ ወደ መኖሪያው ይወጣል። የተናገረው ታናሽ ወንድሟ ነው፤ በልጅነቱ መነጽር ስላደረገ ብቻ «ምሁሩ» የተባለውና እውነትም ምሁር ሆኖ ከውጭ ከተመለሰ አራት ወር የሞላው። መልሱ የሚጠበቀው ከታላቅ ወንድማቸው ነው፤ አባታቸው ከሞተ ጀምሮ ማተሚያ ቤቱን ከሚያስተዳድረው፣ ሠራተኛውም ደንበኛውም «ጋሼ» ከሚለው። እታለም ጠበቀች። ዐሥራ አንድ ዓመት በአንድ ክፍል አብሯት የሠራ ሰው አንድ ነገር አይጠፋውም ብላ ነበር። ጋሼ ሲያስብ ወንበሩ ይንቋቋል፤ ወንበሩ ሦስት ጊዜ ተንቋቋ።

«እንጃ» አለ በመጨረሻ። «ብቻ አለች።»

«አለች ማለት ሥራ አይደለም፣ ጋሼ» አለ ምሁሩ። ድምፁ ውስጥ ክፋት አልነበረም፤ የከፋውም እሱ ነው። ሰው የሚጠላህ ከሆነ ቢያንስ አይቶሃል። ምሁሩ ግን የሚናገረው መደርደሪያ የት ይቁም እንደሚል ሰው ነበር። እማዬ ዳሌዋ ከተሰበረ ወዲህ ሰው ያስፈልጋታል አለ፤ እታለም ላይ ብትሆን ለሁሉም ይበጃል። በሩ ጀርባ ያለው አሮጌ ኮምፒውተሯም ቦታ ከመያዝ በቀር ጥቅም የለውም፤ አሮጌ ዕቃ ገዢው ሰባት ሰዓት ላይ ይመጣል፣ ይዞላቸው ይሂድ።

«ማን ይነግራታል?» አለ ጋሼ።

«አንተ አይደለህ ታላቁ!»

«አንተ አይደለህ የተማርከው!»

ሁለቱም ሳቁ። እንደ ልጅነታቸው ነው የሳቁት፤ ብርጭቆ ሰብረው ማን ለአባዬ ይንገር ሲባባሉ እንደሚስቁት። ያኔ ሄዳ የምትነግረው እሷ ነበረች።

ዞራ ወደ ላይ ወጣች። እናቷ መስኮቱ ሥር አልጋዋ ላይ ተቀምጣ ከትናንት የተረፈ ዳቦ በሻይ ትነክራለች። ክፍሉ ጠባብ ነው፤ አልጋው፣ ቁም ሣጥኑ፣ የመደገፊያ ብረቱ፣ በላስቲክ የተጠቀለሉ የድሮ ናሙና ካርዶች። እታለም ብርጭቆውን ሳታጥበው መልሳ ጠረጴዛው ላይ አኖረችውና የአልጋ ልብሱን ጠርዝ ያለ ምክንያት ታስተካክል ጀመር። እናቷ ብርጭቆውን አየች፣ ልጇን አየች፣ ዳቦዋን ነከረች። በዚህ ቤት ሰው ሲከፋው ዝም ይባልለታል፤ ዝምታው የአክብሮት ይሁን የፍርሃት ለይቶ የሚያውቅ የለም። እንደ ሁልጊዜው በዚያው ያልፍ ነበር። ግን እናቷ ሻይዋን ጨልጣ አፏን ጠረገችና፦

«የተሰበረው ዳሌዬ ነው» አለች። «ጆሮዬ ደህና ነው።»

እታለም እጇን ከአልጋ ልብሱ ላይ አነሣች።

«እኔ አስታማሚ አልጠየቅኩም። ዱላ አለኝ፣ ምላስ አለኝ። እኔን ሰበብ አድርገው በር ሊቆልፉብሽ ነው እንዴ? ሂጂ ውረጂ! ብርጭቆውንም ይዘሽው ውረጂ፣ ጉንዳን ይወርረዋል።»

ወረደች። በሩን ስትገፋው እንደ ልማዱ የራሷን ወንበር ገጨ። ጠረጴዛዋ በሩ ጀርባ ነው፤ ክፍሉ ሲጠብ መጀመሪያ የተገፋችው እሷ ስለሆነች፣ ሰው በገባ ቁጥር ወንበሯን ወደ ፊት ስባ፣ ሰው በወጣ ቁጥር መልሳ ዓመታት አለፉ። ዛሬ ጠረጴዛው ላይ ምንም የለም። ኮምፒውተሩ የነበረበት ቦታ ላይ አቧራ ያልነካው ጥርት ያለ አራት ማዕዘን ብቻ ቀርቷል። ዞር ስትል ኮምፒውተሯ ኮሪደሩ ውስጥ፣ ከወረቀት ቁርጥራጭ ጆንያዎች ጎን፣ ገመዱ በራሱ ላይ ተጠምጥሞበት ተቀምጧል። ለመንገር አልደፈሩም፣ ለመንቀል ግን ደፍረዋል። ጋሼ ስልክ ላይ ነኝ ለማለት ስልኩን ጆሮው ላይ ለጠፈ። ምሁሩ ወደ ሰሌዳው ዞረ።

ሰሌዳው የምሁሩ ነው። ከመጣ በሁለተኛው ወር ከጋሼ ጠረጴዛ በላይ፣ ከመስኮቱ ጎን የሰቀለው ነጭ ሰሌዳ ሲሆን በየመስመሩ ሰው፣ በየዓምዱ የተጠናቀቀ ሥራ ይጻፍበታል። የኦፍሴት ማሽኑን የሚያንቀሳቅሱት ሽማግሌ፣ ባለማሽኑ፣ መስመራቸው በቁጥር ተጨናንቋል። ሳቂታዋ ዲዛይነር ካርድና ፖስተር፣ ጓደኛዋ መጽሔትና ማኅተም። የእታለም መስመር ስምንት ሳምንት ሙሉ ባዶ ነው፤ አቧራውን የምትወለውለው ራሷ ናት። ደንበኛ ከሌላ ቦታ ያሠራው ፋይል ሲከፈት ፊደሉ ሁሉ ባዶ ሳጥን ቢሆን የጠፋውን ፎንት ፈልጋ የምታመጣው እሷ ናት። ስክሪን ላይ ያማረው ቀይ ወረቀት ላይ ቡኒ ሆኖ ሲወጣ የምታስታርቀው እሷ ናት። አንዱ ፕሮግራም ታድሶ ሌላው ሲያኮርፍ፣ የትኛው ፋይል ከየትኛው እንደተጣላ የምታውቀው እሷ ናት። ይህ ሁሉ የደንበኛ ስም የለውም። እንዲህ ያለ ሥራ የሚታየው ሲበላሽ ነው፤ ሳይበላሽ የዋለን ቀን ማን ሰሌዳ ላይ ይጽፋል?

ወንበሯን ሳበችና ባዶው ጠረጴዛ ፊት ተቀመጠች። ሁለት እጇን ጥርት ባለው አራት ማዕዘን ላይ ዘረጋች። ሳቂታዋ ዲዛይነር ያን ቀን አልሳቀችም።

ሦስት ሰዓት ላይ የትምህርት ቤቱ ዳይሬክተር ገባች፤ በሩ የእታለምን ወንበር ገጨ፣ እታለም ሳበች። ዳይሬክተሯ ቀጭን፣ ፈጣን፣ ቦርሳዋን ከትከሻዋ ሳታወርድ የምትቀመጥ ሴት ናት። መምህራኑ ራሳቸው የጻፉትንና የሣሉትን የአንደኛ ክፍል የንባብ መጽሐፍ ልታሳትም ነው። ትምህርት የሚከፈተው ሰኞ ነው፣ ዛሬ ኀሙስ ነው። ማተሚያው ዛሬ ካልተነሣ ጥረዛው ለሰኞ አይደርስም። የቀረው አንድ እርማት ብቻ ነው፤ ገጽ ዐሥራ ሁለት ላይ ዝሆኑ በቦታው ሳይሆን ጽሑፉ ላይ ቆሟል። «ልጆቹ የዝሆን ሆድ እንዲያነቡ ነው የምትፈልጉት?» አለች። ባለማሽኑ እጃቸውን በጨርቅ እየጠረጉ የወረቀት ዋጋ በአንድ ወር ሁለት ጊዜ መጨመሩን ያጫውቷት ጀመር፤ እስኪያልቅ ነው፣ አምስት ደቂቃ ነው በሚል ዓይነት።

ሳቂታዋ የገጽ ማቀነባበሪያውን ፕሮግራም ጠቅ አደረገች። አልተከፈተም። ግራጫ ሳጥን ወጣ፣ ውስጡ በባዕድ ቋንቋ የተጻፈ ሁለት መስመር፣ ከሥሩ ግራና ቀኝ ሁለት ቁልፍ። የግራውን ተጫነች፤ ጠፋ። ደግማ ከፈተች፤ ሳጥኑ ተመለሰ። ጓደኛዋ በራሷ ኮምፒውተር ሞከረች፤ ያው ነው። የሥዕሉ ፕሮግራም፣ የፎቶው ፕሮግራም፣ የጋሼም ኮምፒውተር ያው ሆነ። «አጥፍታችሁ አብሩት» አለ ጋሼ፣ እንደማንኛውም አለቃ። አጠፉ፣ አበሩ። ግራጫው ሳጥን ቀድሟቸው ተነሣ።

ይህን ለመረዳት አባታቸውን ማወቅ ያስፈልጋል። አባትየው በእርሳስ ብረት ፊደል ለቃሚነት የጀመረ ሰው ነበር፤ ኮምፒውተር ሲመጣ የሳጥኖቹን ቋንቋ አያነብም። ግን ታዛቢ ነበር። የግራውን ሲጫን ማሽኑ ወደ ፊት ይሄዳል፣ የቀኙን ሲጫን ይቆማል። ከዚያ ሕግ አወጣ። «ከማሽን ጋር ክርክር የለም። ሲጠይቅህ እሺ በለው። የግራውን ተጫን።» ልጆቹን በዚህ አሳደገ፣ ሠራተኞቹን በዚህ አሠለጠነ፤ አዲስ ሰው በተቀጠረ ቁጥር መጀመሪያ የሚነገረው ይህ ነው። ቤቱ ሠላሳ ዓመት በግራው ቁልፍ ሄደ። ከሁሉም መሀል አንዲት ልጅ ብቻ፣ ለምን እንደሆነ እንጃላት፣ ሳጥኑ ምን እያለ እንደሆነ ማወቅ ፈለገች። መዝገበ ቃላት ገዛች። እያንዳንዱን ሳጥን ቃል በቃል ደብተር ላይ ገልብጣ፣ ከሥሩ በአማርኛ ጻፈች። አባቷ አይቶ ሣቀ፣ «ማሽን ያለውን ሁሉ ሰምተሽ ትችይዋለሽ?» አለ። ደብተሩ አሁንም የጠረጴዛዋ መሳቢያ ውስጥ አለ፤ መሳቢያውን ባዶ ማድረግ ለጊዜው ማንም አላሰበውም።

እታለም ተነሥታ የሳቂታዋን ስክሪን አየች። ሳጥኑ የጠፋውን ፋይል ስም ጠርቷል። ስሙን ታውቀዋለች፤ ፊደልን ስክሪን ላይ የሚያወጣው ነው።

«ትናንት ምን አጠፋህ?» አለች ምሁሩን።

«ምንም። ማለቴ፣ ጽዳት ነው ያደረግኩት። የአባዬን የድሮ የሥዕል ፕሮግራም ከሦስቱም አነሣሁት። ሦስት ዓመት ማንም አልከፈተውም እኮ፣ እታለም። ቦታ ነው የያዘው።»

«ከሦስቱም።»

«ካንቺ ላይ አልነካሁም፣ እሱ ይሸጣል ብለን...» አረፍተ ነገሩ መንገድ ላይ ቀረ።

«ስታጠፋው ጠየቀህ?»

«ጠየቀኝ።»

«ምን ብሎ?»

ምሁሩ መነጽሩን አወለቀ። የዚያን ቋንቋ መጻሕፍት አንብቦ፣ በዚያ ቋንቋ ጽፎ፣ በዚያ ቋንቋ ተከራክሮ የተመረቀ ሰው ነው። ሳጥኑ ላይ ያለውን ለማንበብ ሦስት ሰከንድ አይፈጅበትም ነበር። ግን የአባቱ ቤት፣ የአባቱ ወንበር፣ የአባቱ ማሽን ፊት ሲቀመጥ፣ ጣቱ ስምንት ዓመቱ ላይ የተማረውን ነበር የሚያውቀው። ሰው ሩቅ አገር ሄዶ ብዙ ነገር ይማራል፤ ቤቱ ሲመለስ የትኛው እንደሚከተለው ግን አስቀድሞ አያውቅም።

«አላነበብኩትም» አለ። «የግራውን ነው የተጫንኩት። ለሁሉም።»

ነገሩ ቀላል ነበር። ፕሮግራሞቹ የአንድ ቤት ልጆች ናቸው፤ ፊደል የሚያወጣው፣ ቀለም የሚያዛምደው፣ ሥዕል የሚያነበው ፋይል ለየራሳቸው የላቸውም፤ ሁሉም ከአንድ የጋራ ፎልደር ነው የሚበሉት። ያ ፎልደር በስክሪኑ ላይ ሥዕል የለውም፣ ማንም ጠቅ አድርጎ አይከፍተውም፣ የአባትየው አሮጌ ፕሮግራም ቀድሞ ስለገባ ያስገባው እሱ ነው። አሮጌው ሲወጣ ማሽኑ ደንግጦ ጠይቋል፤ ይህን ይዤው ልሂድ ወይስ ልተወው? ምሁሩ እሺ ብሎታል።

ጋሼ ባለሙያ ጠራ፤ ባለሙያው ነገ ከሰዓት በኋላ እመጣለሁ አለ። ምሁሩ ፕሮግራሞቹን ከኢንተርኔት እንደ አዲስ አወርዳለሁ ብሎ ጀመረ፤ ማሽኑ ዐሥራ ዘጠኝ ሰዓት ይቀረኛል አለው። ዳይሬክተሯ ቦርሳዋን አሁንም አላወረደችም። እስከ ቀትር ጠበቀች፣ ከዚያ ከመንገዱ ማዶ ያለውን ማተሚያ ቤት በመስኮት ትመለከት ጀመር። ጋሼ ስታይ አያት። ያን ትምህርት ቤት ለማግኘት ሁለት ዓመት ደጅ ጠንቷል።

እታለም ይህን ሁሉ ስታይ ባዶው ጠረጴዛ ጋ ነበረች። የዚህ ሁሉ መድኃኒት ኮሪደር ውስጥ ያለው ኮምፒውተሯ ላይ እንዳለ ታውቃለች። እውነቱን ለመናገር፣ ዝም ማለት ጣፍጧታል። «ብቻ አለች» ያሉት እነሱ ናቸው፤ ይኸው ብቻ አለች። ከጠየቋት ልትናገር፣ ካልጠየቋት እንዲህ ተቀምጣ ልታይ ነበር። ማንም አልጠየቃትም። ምሁሩ እንኳ ካንቺ ላይ አልነካሁም ያለውን ራሱ አልሰማውም።

ከዚያ የኮሪደሩ በር ሲከፈት ሰማች። ሰባት ሰዓት ሆኗል።

ስትወጣ ዕቃ ገዢው ኮምፒውተሩን ትከሻው ላይ አውጥቶ ደጃፉን ተሻግሯል። ጋሪው ላይ አንድ የተሰበረ ወንበርና ሁለት ባልዲ አለ።

«አስቀምጠው።»

«ተነግሮኛል፣ እህቴ።»

«ማን ነገረህ?»

«ባለቤቱ።»

«የዚህ ባለቤት እኔ ነኝ።»

ሰውየው ዕቃውን ከትከሻው ሳያወርድ ከላይ እስከ ታች አያት። «እኔ በዘመድ መሀል አልገባም» አለ። «ስገባ የተጠቀምኩበት ቀን የለም። ግን ባዶ እጄን አልሄድም፣ ይኼን ያህል መንገድ ገፍቼ ነው የመጣሁት።»

«ዞረህ ዐሥር ሰዓት ላይ ተመለስ። ባዶ እጅህን አትሄድም።»

ኮምፒውተሩን ከትከሻው ተቀበለችው። ከባድ ነው። ምሁሩ ሮጦ «አምጪው፣ እኔ ልያዝ» ቢላት በክርኗ ገፋችው። ባለማሽኑ በሩን ይዘው ቆሙና «እለፊ፣ ልጄ» አሏት። በሩ ጀርባ ያለውን ጠረጴዛዋን አልፋ ሄደች። መስኮቱ ሥር ወዳለው ትልቁ የጋሼ ጠረጴዛ ደርሳ የቀን መቁጠሪያውን፣ የማኅተም ሳጥኑን፣ የሻይ ብርጭቆውን በክንዷ ወደ ዳር ጠረገችና ኮምፒውተሯን እዚያ አሳረፈችው። ብርጭቆው ዳር ላይ ቆሞ ቀረ፤ ጋሼ በሁለት እጁ ያዘው።

«እንዴ! ምን መሆንሽ ነው?» አለ።

«ገመዱን አቀብለኝ።»

አቀበላት።

አሮጌው ኮምፒውተር ለመነሣት ጊዜ ይፈልጋል፤ ያጉተመትማል፣ ያስነጥሳል፣ ከዚያ ይነቃል። የጋራ ፎልደሩ እንዳለ ነበር። ወደ ፍላሽ ገለበጠችው፣ ከመሳቢያዋ ደብተሩን አወጣች፣ የሳቂታዋ ወንበር ላይ ተቀመጠች። የትኛው ፋይል የት እንደሚገባ፣ የትኛው ቀድሞ የትኛው በኋላ፣ ሁሉም በራሷ ጽሑፍ አለ። ዘጠኝ ሰዓት ሳይሞላ የገጽ ማቀነባበሪያው ተከፈተ። ዝሆኑ ከጽሑፉ ላይ ወረደ። ዳይሬክተሯ ገጹን ፈረመች፣ የማተሚያው ፕሌት ተሠራ፣ ባለማሽኑ ማሽናቸውን አስነሡ፤ ወለሉ መንቀጥቀጥ ጀመረ፣ ላይ ቤት የእማዬ ብርጭቆዎች ተንኳኩ። ዳይሬክተሯ ያኔ ነው ቦርሳዋን ያወረደችው።

«ይህች ልጅ ባትኖር ምን ይውጣችሁ ነበር?» አለች።

«እሷማ አለች» አለ ጋሼ እየሳቀ። ከልቡ ደስ ብሎታል። ከዚያ ወደ እህቱ ዞሮ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «በይ እንግዲህ ሁለቱንም ቶሎ ጨራርሺና፣ ማታ ላይ ስለ እማዬ ነገር እንነጋገራለን።»

እታለም ፍላሹን ነቀለች።

«አልጨርስም።»

«ምን?»

«ና ተቀመጥ።» የጋሼን የራሱን ወንበር ወደ አሮጌው ኮምፒውተር ገፋችለት። ተቀመጠ፤ ምናልባት ሰው እያየ ስለሆነ፣ ምናልባትም እንዲህ አድርጋ ተናግራው ስለማታውቅ። ጎንበስ ብላ ሁለት ነገር ጠቅ አደረገች። የአባታቸው ፕሮግራም አሁን እዚህ ማሽን ላይ ብቻ ነው ያለው፤ እንዲጠፋ ያዘዘችው እሱኑ ነው። የማጥፋቱን ሂደት የሚያሳየው መስመር ሄደ፣ ሄደ፣ ቆመ። ግራጫው ሳጥን ወጣ።

«እታለም!» አለ ምሁሩ። «ፎልደሩ ያለው እሱ ላይ ነው! እሱ ከጠፋ...»

«አውቃለሁ። አንተ ዝም በል፣ አንተ ትናንት ተጫውተሃል።» ፍላሹ እጇ ውስጥ ነው፤ ጨብጣዋለች። «ጋሼ፣ ጠይቆሃል። መልስለት።»

ጋሼ ስክሪኑን አየ። ፊደሉን ያውቃል፣ ቃሉን አያውቅም። ጆሮው ቀላ። ዓይኑ ወደ ምሁሩ ሄደ፣ ምሁሩ ሊያነብለት አፉን ከፈተ። እታለም ደብተሩን መሀላቸው አስገባች። ወረቀቱ ጫፉ ቢጫ ሆኗል፣ ገጹ የመጀመሪያው ነው።

«እሱ አይተርጉምልህ። ከዐሥራ አንድ ዓመት በፊት ተተርጉሟል። ጮክ ብለህ አንብበው።»

 ጋሼ ጉሮሮውን ጠረገ። የሚያነበው እንደ ተማሪ ነው፣ ጣቱን ከቃሉ ሥር እያስኬደ።

«‹ይህ ፋይል የጋራ ነው። በአሁኑ ጊዜ የሚጠቀምበት ያለ አይመስልም። ነገር ግን የሚጠቀሙበት ሌሎች ካሉና እሱ ከጠፋ፣ እነሱም መሥራት ያቆማሉ። እርግጠኛ ካልሆኑ ይተዉት። ቢቀመጥ ጉዳት የለውም። ይጥፋ?›»

«በል።»

እጁ ማውሱን ያዘ። ጠቋሚው ቀስት መጀመሪያ ወደ ግራ ነው የሄደው፤ ማንም አላዘዘውም፣ ሠላሳ ዓመት የሄደበት መንገድ ነው። ሳቂታዋ እጇን አፏ ላይ ጫነች። ቀስቱ የግራው ቁልፍ ላይ ደረሰ። ከዚያ፣ ቀስ ብሎ፣ ከባድ ዕቃ እንደሚገፋ፣ ወደ ቀኝ ሄደ። ተጫነ። ሳጥኑ ጠፋ። ምንም አልሆነም። ጋሼ ትንፋሹን ለቀቀና ደብተሩን አየ፣ በእርሳስ የተጻፈውን ትንሽ ጽሑፍ አየ፣ በመጨረሻም እህቱን ለመጀመሪያ ጊዜ እንደሚያይ ሰው እሷን አየ። ክፉ ሰው አይደለም። ደግ ነገር ለመናገር ፈለገ፣ ያገኘው ቃል ግን እዚያው ገጽ ላይ ያለው ነበር።

«እሺ» አለ ለስለስ ብሎ። «እዚሁ ተቀመጪ። እውነትም ብትቀመጪ ጉዳት የለውም።»

ሳቂታዋ እፎይ ልትል ስትል እታለም ደብተሩን ዘጋችው።

«እኔ ጉዳት ስለሌለኝ አይደለም እዚህ የምቀመጠው» አለች። ድምፅዋ አልጮኸም፣ ግን ማሽኑን አልፎ ተሰማ። «ሁለቱን ኮምፒውተሮች እጨርሳለሁ፤ ከዚህ፣ ከመስኮቱ ሥር ሆኜ። የበሩን ጀርባ አንዳችሁ ውሰዱት፣ ወንበር መሳብ ያሠለጥናል። እማዬ ደግሞ ሦስታችንንም ነው የወለደችው። ዛሬ እኔ ነበርኩ። ነገ ጠዋት ጋሼ፣ ቅዳሜ ምሁሩ። መድኃኒቱ ሁለት ሰዓት ላይ ነው፣ ብርጭቆው ይታጠባል።»

 ላይ ቤት እማዬ ወለሉን በዱላዋ ሁለት ጊዜ ደቃች፤ ሻይ ፈልጋ ይሁን ተስማምታ፣ የሚያውቅ የለም።

ዐሥር ሰዓት ላይ ዕቃ ገዢው ተመለሰ። በሩ ባዶ ወንበር ገጨ። አንገቱን አስገብቶ መስኮቱ ሥር የተቀመጠችውን ሴት አያትና፦ «እህቴ፣ የታለ?» አለ። እታለም የመጨረሻውን ፋይል እያስገባች ነበር። ጨረሰች፣ ተነሣች፣ ወንበሩ ላይ ወጣችና ነጩን ሰሌዳ በሁለት እጇ ከምስማሩ ላይ አነሣችው። የባለማሽኑ ቁጥሮች፣ ካርዶቹ፣ መጽሔቶቹ፣ ባዶው መስመር፣ ሁሉም እንዳሉ።  ምሁሩ መነጽሩን አስተካከለና እንዳትወድቅ ወንበሩን ያዘላት።

ሰውየው ሰሌዳውን ተቀብሎ ገልበጥ አደረገው፣ ጀርባውን በጣቱ አንኳኳ፣ አንድ ዓይኑን ጨፍኖ ጠርዙን አየ።

«ጥሩ ዕቃ ነው» አለ። «ምን ይሠራል?»

እታለም ከወንበሩ ወረደች።

«እንጃ» አለች። «ብቻ አለ።»